ሪቻርድ አለን

ሪቻርድ አለን (14 ፌብሩዋሪ 1760 – 26 ማርች 1831 እ.ኤ.አ.) በባርነት ተወልዶ ነጻነቱን በገንዘቡ የገዛ አሜሪካዊ ሰባኪ፣ ጸሐፊና የአፍሪካ ሜቶዲስት ኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን መሥራችና የመጀመሪያ ጳጳስ ነበር። ይህች ቤተ ክርስቲያን በአሜሪካ ጥቁሮች ራሳቸው ያቋቋሟትና የሚያስተዳድሯት የመጀመሪያዋ ነጻ የክርስትና ድርጅት (ማለትም ብዙ አጥቢያዎችን በአንድ አስተዳደር የያዘች) ናት። በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመተ ምሕረቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ልጅነትና ባርነት

ሪቻርድ የተወለደው የፊላዴልፊያ ታዋቂ የሕግ ሰው የነበረው የቤንጃሚን ቹ ንብረት ከሆኑ ወላጆች ነው። ገና ልጅ ሳለ ቹ መላ ቤተሰቡን በደላዌር፣ በዶቨር ከተማ አጠገብ እርሻ ለነበረው ለስቶክሊ ስተርጂስ ሸጣቸው። ሪቻርድ በኋላ ግለ ታሪኩን ሲያስጽፍ ስተርጂስን እንደ ደግ ሰው፣ ለባሪያዎቹም እንደ አባት የሚሆን ጌታ አድርጎ ገልጾታል። ነገር ግን ይህ ደግ ሰው ዕዳ ሲበዛበት የሪቻርድን እናትና ሦስት ልጆቿን ሸጠ። ሪቻርድ፣ አንድ ወንድሙና አንዲት እህቱ ብቻ በእርሻው ቀሩ። የባርነትን ምንነት ለመረዳት ከጨካኝ ጌታ ታሪክ ይልቅ ይህ የደጉ ጌታ ታሪክ ሳይሻል አይቀርም፤ ጌታው ምንም ያህል ቢራራ፣ አበዳሪው በሩን ሲያንኳኳ ሰው እንደ ከብት ይሸጥ ነበርና።

በ17 ዓመቱ ገደማ ሪቻርድ የሜቶዲስት ሰባኪዎችን መስማት ጀመረ። ሜቶዲስቶች በዚያን ጊዜ ከእንግሊዝ የመጣ አዲስ እንቅስቃሴ ነበሩ። ሰባኪዎቻቸው በፈረስ ከመንደር መንደር እየዞሩ በጎተራ፣ በጫካና በገበያ ይሰብኩ ነበር፤ የእንቅስቃሴው መሥራች ጆን ዌስሊም የባርነት ተቃዋሚ ነበር። ሪቻርድ ከጽኑ የኃጢአት ሐዘን በኋላ ልቡ እንደተፈታ ተናግሯል፤ ወንድሙም ተከተለው። ጎረቤት ባለርስቶች ሃይማኖት ባሪያን ያሰንፋል እያሉ ስተርጂስን ያሙት ስለ ነበር ሁለቱ ወንድማማቾች መክረው ከቀድሞው የበለጠ ለመሥራት ወሰኑ። አንዳንድ ቀን ሥራ ካላለቀ ወደ ስብሰባው አንሄድም ብለው ይቀሩ ነበር፣ ጌታቸው ራሱ ሂዱ እስኪላቸው ድረስ።

ስተርጂስ በመጨረሻ ሰባኪዎቹ ቤቱ እንዲመጡ ፈቀደ። ከመጡት አንዱ የራሱን ባሪያዎች ነጻ ያወጣው ፍሪቦርን ጋሬትሰን ነበር። ጋሬትሰን በዳንኤል መጽሐፍ ያለውን በሚዛን ተመዝኖ ቀልሎ የመገኘትን ቃል አንሥቶ ባሪያ አሳዳሪዎችን ከቀለሉት ጋር ቆጠራቸው። ስተርጂስ ከዚያ ቀን በኋላ ሰው ይዞ መኖር ትክክል አይደለም ብሎ አመነ። ሆኖም ዕዳ ስለ ነበረበት በነጻ አልለቀቃቸውም። በ1780 መጀመሪያ በተደረገው ውል እያንዳንዳቸው 60 ፓውንድ በወርቅና በብር፣ ወይም በጦርነቱ ዘመን ዋጋው በወደቀው የወረቀት ገንዘብ 2000 ዶላር ከፍለው ነጻ እንዲወጡ ተስማሙ።

ሪቻርድ እንጨት ፈለጠ፣ በጡብ ፋብሪካ ሠራ፤ በአሜሪካ የነጻነት ጦርነት ጊዜ ደግሞ ከባሕር ዳር ጨው በጋሪ እያጓጓዘ በየማረፊያው ይሰብክ ነበር። በመጀመሪያው የእንጨት ፈለጣ ቀን እጁ ተላልጦና አብጦ መክፈትና መጨበጥ እንኳ አቅቶት እንደ ነበር ጽፏል። ዕዳውን ከውሉ ቀን አስቀድሞ በ1783 ከፍሎ ጨረሰ።

ተጓዥ ሰባኪ

ነጻ ከወጣ በኋላ በደላዌር፣ በኒው ጀርሲ፣ በፔንሲልቬኒያና በሜሪላንድ አብዛኛውን በእግሩ እየዞረ ለነጮችም ለጥቁሮችም ሰበከ። ገንዘቡ ሲያልቅ ቆም ብሎ እንጨት ይቆርጥ ወይም ጫማ ይሰፋ ነበር። በ1784 መጨረሻ የአሜሪካ ሜቶዲስቶች በባልቲሞር ተሰብስበው ራሳቸውን የቻሉ ቤተ ክርስቲያን ሲሆኑ እርሱም በዚያ ነበረ። ጉባኤው አባላት ባሪያዎቻቸውን ነጻ እንዲያወጡ ደንብ አወጣ፤ ደንቡ ግን ስድስት ወር እንኳ በቅጡ ሳይሠራበት በ1785 ታገደ።

የሜቶዲስቶች መሪ ፍራንሲስ አስበሪ ሪቻርድን በደቡብ ግዛቶች አብሮት እንዲጓዝ ጠየቀው። ቅድመ ሁኔታ ግን ነበረው፦ ከባሪያዎች ጋር አይቀላቀልም፣ ብዙ ጊዜም በሠረገላው ውስጥ ያድራል፤ ክፍያው ምግብና ልብስ ነው። ሪቻርድ፣ ብታመም ማን ያስታምመኛል ብሎ ጥያቄውን አልተቀበለም። ለአንድ ወጣት ሰባኪ ከአስበሪ ጋር መጓዝ ትልቅ ክብር በነበረበት ዘመን ይህ ቀላል ውሳኔ አልነበረም።

ፊላዴልፊያና ከቅዱስ ጊዮርጊስ መውጣት

በፌብሩዋሪ 1786 በቅዱስ ጊዮርጊስ ሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን እንዲሰብክ ወደ ፊላዴልፊያ ተጠራ። የተሰጠው ሰዓት ከንጋቱ 11 ሰዓት ነበር። ጥቂት ሳምንት ቆይቶ ለመመለስ ቢያስብም በከተማው ያሉ ጥቁሮች እረኛ እንደሌላቸው ስላየ እዚያው ቀረ፤ 42 አባላት ያሉት የጸሎት ማኅበርም አቋቋመ። በ12 ኤፕሪል 1787 ከወዳጁ ከአብሳሎም ጆንስ ጋር ሆኖ ነጻ የአፍሪካ ማኅበር የተባለውን መሠረተ። ከእኛ አገር ዕድር ጋር ሊመሳሰል የሚችለው ይህ ማኅበር አባላቱ በየወሩ አንድ ሽልንግ እያዋጡ የታመመን የሚረዱበት፣ ባሏ ለሞተባትና አባት ለሌለው ልጅ የሚደርሱበት ነበር። ማኅበሩ እየቆየ የኩዌከሮችን ሥርዓት፣ ስብሰባውን በዝምታ መክፈትን ጭምር፣ ሲይዝ ሪቻርድ ተለየ፤ ያለ መዝሙርና ያለ ስብከት ጸሎት አልሆንልህ ብሎት ነበር።

በቅዱስ ጊዮርጊስ የጥቁሮች ቁጥር በጨመረ መጠን ነጮቹ መቀመጫቸውን ማራቅ ጀመሩ፤ በመጀመሪያ በግድግዳው ዙሪያ አስቀመጧቸው፣ ከዚያም አዲስ በተሠራው ሰገነት ላይ። ጥቁሮቹ ለዚህ ግንባታ ገንዘብ አዋጥተው ነበር። አንድ እሑድ ተንበርክከው እየጸለዩ ሳለ ከቤተ ክርስቲያኑ ባለአደራዎች አንዱ አብሳሎም ጆንስን ክንዱን ይዞ ያነሣው ጀመር፤ ቦታው የእናንተ አይደለም ማለቱ ነበር። ጆንስ ጸሎቱ እስኪያልቅ እንዲታገሠው ለመነው፣ ሰውዬው ግን አልታገሠም፤ ሌላም ሰው እንዲያግዘው ጠራ። ጸሎቱ እንዳበቃ ጥቁሮቹ ሁሉ በአንድነት ተነሥተው ወጡ፤ ወደዚያ ቤተ ክርስቲያንም አልተመለሱም። ሪቻርድ ይህ የሆነው በ1787 ነው ብሎ አስታውሶታል፤ የታሪክ ተመራማሪዎች ግን ሰገነቱ የተሠራበትን ጊዜ ቆጥረው ወደ 1792 ያቀርቡታል።

የራሳቸውን ቤተ ክርስቲያን ለመሥራት በከተማው እየዞሩ ገንዘብ ሲለምኑ ሐኪሙ ቤንጃሚን ረሽ ረዳቸው፤ በመጀመሪያው ቀን 360 ዶላር ሰበሰቡ። የሜቶዲስት አለቆች ግን ስማችሁን ከመዝገብ እንሰርዛለን እያሉ ያስፈራሯቸው ነበር። የትኛውን እምነት እንከተል በሚለው ላይ ድምፅ ሲሰጥ አብዛኛው ወደ ኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን አዘነበለ፤ ከሪቻርድ ጋር ለሜቶዲስት የቆመው ጆንስ ብቻ ነበር። አገልጋይ እንዲሆን ሲጠየቅ ሪቻርድ እምቢ አለ። ሜቶዲስት ያደረገው የሰባኪዎቹ ግልጽ፣ ፊደል ያልቆጠረ ሰው የሚገባው ቃል ነበር፤ የበደሉትን ሰዎች ትቶ ትምህርታቸውን ግን ይዞ ቀረ። ጆንስ በመጨረሻ የብዙኃኑን መንገድ ተከትሎ የቅዱስ ቶማስ ቤተ ክርስቲያን መሪ ሆነ። ሁለቱ ግን ዕድሜ ልካቸውን ወዳጆች ነበሩ።

የ1793ቱ ቢጫ ወባ

በ1793 የበጋ ወራት ቢጫ ወባ ፊላዴልፊያን መታ። ከ50,000 ገደማ ነዋሪ 5,000 ያህሉ ሞተ፤ አቅም ያለው ሁሉ፣ ፕሬዚዳንት ጆርጅ ዋሽንግተንን ጨምሮ፣ ከተማዋን ለቆ ወጣ። ዶክተር ረሽ ጥቁሮችን በሽታው አይዛቸውም ብሎ ያምን ስለ ነበር ሪቻርድንና ጆንስን እርዳታ ጠየቃቸው። እነርሱም ሰው አሰባስበው የታመመ አስታመሙ፣ ሬሳ አነሡ፣ ወላጆቻቸው የሞቱባቸውን ሕፃናት ከየቤቱ አወጡ። ረሽ ደም ማውጣት አስተምሯቸው ሐኪም ላልደረሰላቸው ሰዎችም ይህን አደረጉ። የረሽ እምነት ስሕተት መሆኑ ወዲያው ታየ። በመቶ የሚቆጠሩ ጥቁሮች ሞቱ፤ ሪቻርድም ታሞ ለጥቂት ተረፈ።

ወረርሽኙ እንዳበቃ ማቲው ኬሪ የተባለ አሳታሚ የወረርሽኙን ታሪክ የሚተርክ መጽሐፍ አወጣ። በመጽሐፉ ሪቻርድንና ጆንስን ቢያመሰግንም ሌሎቹን ጥቁር አስታማሚዎች ከመጠን ያለፈ ገንዘብ ጠየቁ፣ አንዳንዶቹም ሰረቁ ብሎ ከሰሰ። መጽሐፉ በብዛት ተሸጠ። ሁለቱ ሰዎች ለግል ምስጋናው አልተታለሉም። በ1794 መጀመሪያ ባሳተሙት አነስተኛ መጽሐፍ ዋጋውን ያስወደዱት አስታማሚ ለማግኘት እርስ በርስ የተጫረቱት ሀብታሞች መሆናቸውን አስረዱ፤ ያለ አንዳች ክፍያ ያገለገሉ ድሆች ጥቁሮችን ታሪክ ጻፉ፤ ነጮችም ሲሰርቁ እንደ ነበር አስታወሱ፤ ኬሪ ራሱ ከከተማዋ ሸሽቶ እንደ ነበርና በመጽሐፉ እንዳተረፈ ሳይጠቅሱ አላለፉም። ሒሳባቸውንም በዝርዝር አቀረቡ። ለሬሳ ሳጥንና ለሠራተኛ ካወጡት ውስጥ ከ177 ፓውንድ በላይ ከኪሳቸው የተከፈለ ነበር። ይህ ጽሑፍ በአሜሪካ የጥቁር ጸሐፊዎች የቅጂ መብት የተመዘገበበት የመጀመሪያው ሥራ ነው።

ቤቴል

ሪቻርድ በ1791 በስድስተኛው መንገድ ላይ ቦታ ገዝቶ ነበር። በ1794 አሮጌ የብረት ቀጥቃጭ ቤት ገዝቶ በፈረሶች አስጎትቶ እዚያ ተከለው፤ አናጺዎችም አደሱት። በጁላይ ወር አስበሪ መጥቶ መረቀውና ቤቴል ተባለ። ይህ ቦታ እስከ ዛሬ ሳይቋረጥ በጥቁር አሜሪካውያን እጅ የቆየ ጥንታዊ ይዞታ ሲሆን፣ አሁን የሚታየው ሕንፃ በዚያው ላይ የተሠራ አራተኛው ነው።

በ1799 አስበሪ ለሪቻርድ ዲቁና ሰጠው። በዚያው ዓመት መጨረሻ ጆርጅ ዋሽንግተን ሲሞት ሪቻርድ በቤቴል ባደረገው ንግግር ዋሽንግተን በኑዛዜው ባሪያዎቹ ነጻ እንዲወጡ ማዘዙን አጉልቶ አወደሰ፤ ለቀሩት ባሪያ አሳዳሪዎች የተላከ መልእክት እንደ ሆነ ለማንም ግልጽ ነበር። በ1801 ለጥቁር ምእመናን የመዝሙር መጽሐፍ አዘጋጀ። ኑሮውን የሚገፋው ግን በስብከት አልነበረም፤ ጫማ ሰፊ ነበር፣ የጭስ ማውጫ የሚጠርጉ ሠራተኞችንም ያሠራ ነበር።

ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር የነበረው ጠብ ወደ ሕግ ተሸጋገረ። በ1796 የቤቴልን መተዳደሪያ ሰነድ ያዘጋጀላቸው ነጭ ሜቶዲስት ንብረቱን ሳይታወቃቸው ለሜቶዲስት ጉባኤ የሚሰጥ አንቀጽ አስገብቶ ነበር። ይህን ሲያውቁ በ1807 በአባላቱ ሁለት ሦስተኛ ድምፅ ሰነዱን አሻሻሉ። ከዚያ በኋላ የቅዱስ ጊዮርጊስ ሰባኪዎች በዓመት ጥቂት ጊዜ መጥተው ለመስበክ በመቶዎች የሚቆጠር ዶላር ይጠይቁ ጀመር። በ1815 ቤቴል በሐራጅ ሲሸጥ ሪቻርድ የገዛ ቤተ ክርስቲያኑን በ10,125 ዶላር መልሶ ገዛ። ሮበርት በርች የተባለ ነጭ ሰባኪ በግድ ሊሰብክ ሲመጣ ምእመናኑ መተላለፊያውን ሞልተው ቆመው ወደ መድረኩ እንዳይደርስ አደረጉት። በርች ከሰሰ፤ የፔንሲልቬኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1816 መጀመሪያ ለቤቴል ፈረደ።

ከሦስት ወር በኋላ፣ በኤፕሪል 1816፣ ከባልቲሞር፣ ከዊልሚንግተን፣ ከሳሌምና ከአትልቦሮ የመጡ ተወካዮች በፊላዴልፊያ ተሰብስበው አዲሱን ቤተ ክርስቲያን መሠረቱ። በመጀመሪያ ለጳጳስነት የተመረጠው የባልቲሞሩ ዳንኤል ኮከር ሲሆን እርሱ ስላልተቀበለ ሪቻርድ ተሾመ።

ቤተሰብና ጃሬና ሊ

የመጀመሪያ ሚስቱ ፍሎራ በ1801 ሞተች። ከዚያ ያገባት ሣራ በቨርጂኒያ በባርነት የተወለደች ስትሆን ስድስት ልጆች ወለደችለት። ከሩቅ አጥቢያ የሚመጡ ሰባኪዎች ልብሳቸው አልቆ ስታይ ሴቶችን አሰባስባ ትጠግንላቸው ነበር፤ ይህ ሥራ በኋላ በየአጥቢያው ወደ ተስፋፋ የሴቶች ማኅበር አድጓል።

በ1809 ገደማ ጃሬና ሊ የምትባል ሴት ለመስበክ ተጠርቻለሁ ብላ ወደ ሪቻርድ መጣች። የሜቶዲስት ደንብ ለሴት ሰባኪ ቦታ የለውም ብሎ መለሳት። ከስምንት ዓመት ገደማ በኋላ በቤቴል አንድ ሰባኪ ስለ ዮናስ እየተናገረ ሐሳቡ ሲጠፋበት ሊ ከመቀመጫዋ ተነሥታ ስብከቱን ቀጠለች። ከቤተ ክርስቲያን እባረራለሁ ብላ ስትፈራ፣ ሪቻርድ ተነሥቶ ቀድሞ ወደ እርሱ መጥታ እንደ ነበርና መጠራቷን አሁን እንደሚያምን ለሕዝቡ ተናገረ። ሊ በ1827 ብቻ ከ2,300 ማይል በላይ ተጉዛ 178 ጊዜ ሰብካለች።

የመጨረሻ ዓመታት

በጃንዋሪ 1817 ነጻ ጥቁሮችን ወደ አፍሪካ ለመላክ በተቋቋመው ማኅበር ጉዳይ 3,000 ያህል ሰዎች በቤቴል ተሰበሰቡ። ሪቻርድና ባለሀብቱ ጄምስ ፎርተን ለሐሳቡ ፊት ሰጥተው ነበር፤ ሕዝቡ ግን በአንድ ድምፅ እምቢ አለ፣ መሪዎቹም ሕዝቡን ተከተሉ። ሪቻርድ በኋላ በ1820ዎቹ ወደ ሄይቲ መሄድን ደግፏል፤ ወደ ላይቤሪያ መላክን ግን በ1827 በጋዜጣ በጻፈው ደብዳቤ አጥብቆ ተቃውሟል፤ መከራከሪያው ጥቁሮች በእንባቸውና በደማቸው ያጠጡት አገር አገራቸው ነው የሚል ነበር።

በደቡብ ካሮላይና፣ በቻርልስተን የነበረው አጥቢያ በ1822 ከዴንማርክ ቬሲ የአመፅ ዕቅድ ጋር ተያይዞ ሲፈርስ፣ መሪው ሞሪስ ብራውን ወደ ፊላዴልፊያ ሸሽቶ መጣ፤ በኋላም የሪቻርድ ተተኪ ጳጳስ ሆነ። በሴፕቴምበር 1830 ከልዩ ልዩ ግዛቶች የመጡ ነጻ ጥቁሮች በቤቴል ተሰብስበው የመጀመሪያውን አገር አቀፍ ጉባኤ ሲያደርጉ የ70 ዓመቱ ሪቻርድ ሊቀ መንበር ነበር። ከስድስት ወር በኋላ በቤቱ ዐረፈ። ለልጁ ያስጻፈው ግለ ታሪክ በ1833 ታተመ።

በ1896 ደግሞ በደቡብ አፍሪካ ማንጌና ሞኮኔ የመሠረተው የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ከሪቻርድ ቤተ ክርስቲያን ጋር ተዋሐደ። ስሙ የተወሰደው በመዝሙረ ዳዊት ስለ ኢትዮጵያ ከተነገረው ቃል ሲሆን፣ የሞኮኔም ሰዎች ከሜቶዲስቶች የተለዩት በዘር ልዩነት ምክንያት ነበር። የሪቻርድና የሣራ መቃብር ዛሬ በቤቴል ሕንፃ ምድር ቤት ውስጥ ይገኛል።