የሁለት እህትማማቾች ዕቁብ

እኛ የማኅበሩ አባላት ተራ መጠበቅ ምን እንደሆነ እናውቃለን። ማሪ ኩሪም ታውቀው ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1867 በተወለደችበት በዋርሶ ዩኒቨርሲቲው ሴት አይቀበልም ነበር፤ መምህር አባቷም ልጆቻቸውን ውጭ አገር ለማስተማር አቅም አልነበራቸውም። ስለዚህ ከታላቅ እህቷ ከብሮንያ ጋር ተማከሩ። ብሮንያ ፓሪስ ሄዳ ሕክምና ስትማር፣ ማሪ በሰው ቤት ልጆች እያስተማረች ወጪዋን ልታግዝ፣ ቀጥሎም ተራው የማሪ ሊሆን ተስማሙ። ማሪ ዓመታት ጠበቀች። በ1891 ፓሪስ ስትገባ ብሮንያ ቃሏን አክብራ ተቀበለቻት።

በ1898 ከባሏ ከፒየር ጋር ፖሎኒየምንና ራዲየምን አገኙ። በ1903 ግን የፈረንሳይ ምሁራን ለኖቤል ሽልማት የጠቆሙት ፒየርንና አንሪ ቤክሬልን ብቻ ነበር፤ ፒየር የእሷም ድርሻ እንዲታይ ስለጻፈ ከሁለቱ ጋር ተሸለመች። በ1911 የፈረንሳይ የሳይንስ አካዳሚ አባልነት ነፈጋት፤ በዚያው ዓመት ሁለተኛውን ኖቤል ብቻዋን ወሰደች። በ1934 አረፈች።

ዕውቀቱ የራሷ ነበር። የመጀመሪያውን በር የከፈተላት ግን ከእህቷ ጋር የገባችው ቃል ነው። የአንዷ አባል ልጅ የትምህርት ተራ ሲደርስ የምናዋጣውን ገንዘብ ትንሽ ነው ብለን አንናቀው።