ደጅ ጠንቶ የተማረ ሰው
የኮሎኔል ጆን ሮቢንሰን ሕይወት

ወደ ጅቡቲ ከተማ የወረደ ሰው የመርከቡን ወደብና አሮጌውን የባቡር ጣቢያ ሳያይ አይመለስም። ከዚያ የሚነሣውን ሐዲድ መሥራት የተጀመረው በ1890 ዓ.ም. ሲሆን አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም. ነው፤ ርዝመቱም 784 ኪሎ ሜትር ነበረ። ባቡሩ የሚጓዘው በቀን ብቻ ስለ ነበረ መንገደኛው አንድ ሌሊት በድሬዳዋ፥ አንድ ሌሊት በአዋሽ አድሮ በሦስተኛው ቀን ከደጋው ይገባ ነበር። አሁን በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው የኤሌክትሪክ ባቡር በሌላ ሐዲድ ያልፋል። ነገር ግን ከባሕር ማዶ ወደ ኢትዮጵያ መሐል አገር ለሚመጣው ሰው ይህች ከተማ ለብዙ ዘመን ዋና ደጅ ሆና ኖራለች።

በዚህች ደጅ ነጋዴው፥ ሐኪሙና የወንጌል መልእክተኛው አልፈዋል። በ1896 ዓ.ም. ከዳግማዊ ምኒልክ ጋር የመጀመሪያውን ውል የተዋዋለው የአሜሪካ መልእክተኛ ሮበርት ስኪነርም የመጣው በዚሁ ነው። በ1927 ዓ.ም. በግንቦት ወር ደግሞ አንድ ጥቁር አሜሪካዊ ከመርከብ ወርዶ በዚያ ባቡር ተሳፈረ። ስሙ ጆን ሮቢንሰን ነበረ። እኛም የዚህን ሰው ሕይወት ለአንባብያን ልንተርክ የወደድነው፥ ስለ ጦርነት ለማውራት ሳይሆን በተዘጋ ደጅ ፊት የቆመ ሰው ምን እንደሚያደርግ፥ ደጁን የያዘውም ሰው ምን እንደሚጠየቅ እንድንመረምር ነው።

ሮቢንሰን የተወለደው በሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ በፍሎሪዳ ሲሆን ያደገው በሚሲሲፒ ግዛት ገልፍፖርት በምትባል የባሕር ዳር ከተማ ነው። አባቱ ገና በሕፃንነቱ ስለ ሞተ እናቱና እንጀራ አባቱ አሳደጉት። በዚያ አገር ባርነት በሕግ ከቀረ ገና አርባ ዓመት ያህል መሆኑ ነበር፤ ይሁን እንጂ ሰንሰለቱ ቢወልቅም አጥሩ አልፈረሰም። አባቶቻችን በዓድዋ ድል ባደረጉበት በ1888 ዓ.ም.፥ ድሉ በየካቲት ከሆነ በኋላ በግንቦት ወር፥ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በአንድ ጫማ ሠሪ ነገር ላይ ፍርድ ሰጠ። ሰውየው በነጮች ፉርጎ ተቀምጦ አልነሣም በማለቱ የተከሰሰ ነበረ። ፍርድ ቤቱም ጥቁሩንና ነጩን በየፉርጎው መለየት ከአገሩ ሕግ ጋር አይጋጭም ሲል ወሰነ። ከዚያ ወዲያ በደቡቡ ክፍል ትምህርት ቤቱ፥ ምግብ ቤቱና መቃብሩ ሳይቀር በቆዳ ቀለም ተለየ።

መለየቱ ከቤተ ክርስቲያንም ደጅ አልቀረም ነበር። እ.አ.አ. በ1808 በኒው ዮርክ ከተማ የነበሩ ጥቁር ምእመናን በጸሎት ቤት ውስጥ ለብቻ መቀመጥን እምቢ ብለው ወጥተው የራሳቸውን ማኅበር መሠረቱ፤ ስሙንም አቢሲኒያዊት ቤተ ክርስቲያን አሉት። መዝሙረ ዳዊት ኢትዮጵያን በስሟ የሚጠራበት ቃል ለእነዚህ ሰዎች እንደ ርስት ሰነድ ነበረ። አይተዋት የማያውቋትን አገር በጸሎታቸው ያስቡ ነበር። ይህንን ሳያስተውሉ ሮቢንሰን ስለ ምን ወደ እኛ እንደ መጣ ለመረዳት አይቻልም።

ልጁ ከፍ ሲል በአላባማ ወደሚገኘው ወደ ተስኬጊ ትምህርት ቤት ተላከ። ይህን ቤት እ.አ.አ. ከ1881 ጀምሮ ያቋቋመው፥ ራሱ በባርነት የተወለደው ቡከር ዋሽንግተን ነው። ሮቢንሰን በዚያ የአውቶሞቢል ጥገና ተምሮ ወደ ሰሜን ወጣና በቺካጎ ከተማ በመካኒክነት ተቀመጠ። ኑሮው ተቃና፤ ልቡ ግን በአይሮፕላን ላይ ነበረ። ችግሩ የሚያስተምረው ማጣቱ ነው። ከእርሱ በፊት ቤሲ ኮልማን የተባለች ጥቁር ሴት በአገሯ የሚቀበላት አጥታ ፈረንሳይ ድረስ ሄዳ እ.አ.አ. በ1921 የአይሮፕላን ነጂነት ፈቃድ አግኝታ ነበር።

ሮቢንሰን በቺካጎ ወደሚገኘው ወደ ከርቲስ ራይት የበረራ ትምህርት ቤት ደጋግሞ አመለከተ፤ ደጋግመውም መለሱት። እንግዲህ ሌላ ሰው ቢሆን ተማርሮ ይቀር ነበር። እርሱ ግን እንደ አገራችን ሰው ደጅ ጠና። በተማሪነት ያልተቀበለውን ቤት በጠራጊነት ተቀጥሮ ገባበት። መጥረጊያውን ይዞ ከክፍሉ ጥግ ቆሞ መምህሩ የሚናገረውን ያዳምጥ፥ በሰሌዳው ላይ የተጻፈውንም ይገለብጥ ነበር። ከወዳጁ ከኮርኔሊየስ ኮፊና ከሌሎች ጋር ሆኖም በገዛ እጃቸው አይሮፕላን ሠሩ። ይህን ያየ አንድ መምህር ስለ እርሱ ተናገረለትና ደጁ ተከፈተ። እ.አ.አ. በ1931 ትምህርቱን ከጨረሰ በኋላ ቤቱ ጥቁሮችን በአንድ ክፍል ሰብስቦ እንዲያስተምር ሆነ፤ መምህራኑም ሮቢንሰንና ኮፊ ነበሩ።

እዚህ ላይ አንባቢው ያስተውል። ሮቢንሰን ከገባ በኋላ ደጁን ከኋላው አልዘጋም። የጥቁር አይሮፕላን ነጂዎች ማኅበር አቋቋመ፤ ከቺካጎ በስተደቡብ ባለችው ሮቢንስ በምትባል የጥቁሮች ከተማም የአይሮፕላን ማረፊያ ሜዳ ከጓደኞቹ ጋር ሠራ። ነፋስ ቤቱን ቢያፈርስበት ወደ ሌላ ሜዳ ሄደ። እ.አ.አ. በ1934 ወደ ቀድሞ ትምህርት ቤቱ ወደ ተስኬጊ በርሮ የበረራ ትምህርት እንዲጀመር አሳሰበ፤ ለጊዜው ግን አልተሳካለትም።

በዚያን ወራት ፋሽስት ኢጣልያ በኢትዮጵያ ላይ ትዘጋጅ ነበር። በአሜሪካ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ሕክምና የተማሩት ዶክተር መላኩ በያን ስለ ሮቢንሰን ሰምተው ከእርሱ ጋር ተገናኙ፤ በንጉሠ ነገሥቱም መንግሥት ስም ጠሩት። በቺካጎ ሥራና ወዳጆች ነበሩት። ሁሉን ትቶ በማርሴይ በኩል በመርከብ ጅቡቲ ደረሰ።

ያገኘው አየር ኃይል ስሙ እንጂ ኃይሉ ገና ነበረ። አይሮፕላኖቹ ጥቂትና ያረጁ፥ አብዛኞቹም መሣሪያ የሌላቸው ነበሩ፤ ጠላት ግን በመቶ የሚቆጠሩ ነበሩት። ሮቢንሰን የኮሎኔልነት ማዕርግ ተሰጥቶት አለቃ ሆነ። ሥራውም መልእክትና መድኃኒት፥ አንዳንድ ጊዜም መኳንንትን ወደ ጦር ግንባር ማድረስ ነበረ። መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ዓድዋ በቦምብ ስትደበደብ እርሱ በከተማይቱ ነበረ። ሕዝቡ በመርዝ ጋዝ ሲቃጠልም በዓይኑ አይቷል። ጦሩ ከተፈታ በኋላ በ1928 ዓ.ም. በሚያዝያ ወር ንጉሠ ነገሥቱ በዚያው ሐዲድ ጅቡቲ ወርደው በእንግሊዝ የጦር መርከብ ወደ ስደት ሄዱ። ሮቢንሰንም በዚያው ወራት ወደ አገሩ ተመለሰ።

በኒው ዮርክና በቺካጎ በሺህ የሚቆጠር ሕዝብ ወጥቶ ተቀበለው። እርሱ ግን ወደ ማስተማሩ ተመለሰ። እ.አ.አ. በ1941 ተስኬጊ የጥቁር ጦር አይሮፕላን ነጂዎችን ማሠልጠን ሲጀምር፥ ሮቢንሰን ቀድሞ የለመነው ነገር መፈጸሙ ነበር። በዚያ አንድ ሺህ የሚጠጉ ነጂዎች ወጡ። እነዚህም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ተዋግተው ባሳዩት ሥራ፥ እ.አ.አ. በ1948 ፕሬዚዳንት ትሩማን በአሜሪካ ጦር ውስጥ በቀለም መለየት እንዲቀር ሲያዝዙ ለነገሩ ምስክር ሆኑ።

ኢትዮጵያ ነፃ ከወጣች በኋላ ሮቢንሰን በ1936 ዓ.ም. ከጥቂት ጓደኞቹ ጋር ተመልሶ መጥቶ ወጣቶቻችንን በረራ አስተማረ። ሰው ነበረና ድካሙን አንሸሽግም። አየር ኃይሉን ከሚመሩት ከስዊድናዊው ከካውንት ፎን ሮዘን ጋር ብርቱ ጠብ ገጠመውና ከሥራው ለመለየት በቃ። እኒህም ስዊድናዊ በ1928 ዓ.ም. በቀይ መስቀል አይሮፕላን ቁስለኞቻችንን ያመላልሱ የነበሩ ሰው ናቸው። አንዱን ሕዝብ የወደዱ ሁለት ሰዎች እርስ በርሳቸው አለመስማማታቸው ያሳዝናል፤ በማኅበሮቻችንም መካከል የማናውቀው ነገር አይደለም።

ሮቢንሰን ግን አገሪቱን ትቶ አልሄደም። በ1946 ዓ.ም. በመጋቢት ወር ለታመመ ሰው የሚሆን ደም ጭኖ ለማድረስ ሲበር አይሮፕላኑ ወደቀ። አብሮት የነበረው መሐንዲስ ኢጣልያዊ ነበረ፤ በአደጋውም ሞተ። ሮቢንሰንም በጽኑ ቆስሎ መጋቢት 18 ቀን ዐረፈ፤ በአዲስ አበባም ተቀበረ። የኢጣልያን ጦር ሊከላከል የመጣው ሰው፥ ከኢጣልያዊ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጦ የኢትዮጵያዊን ነፍስ ለማዳን ሲደክም ሕይወቱ አለፈ።

ውድ አንባብያን፥ ይህንን ታሪክ ሰምተን በአሜሪካ ላይ ብቻ ብንፈርድ ራሳችንን እንዳናታልል እንፈራለን። ሮቢንሰን በጅቡቲ ደጅ ወደ እኛ በገባ ጊዜ በአገራችን ሰው በሰው ይገዛ ነበር፤ ባርነት ፈጽሞ በሕግ የተሻረው በ1934 ዓ.ም. ነው። የወንጌልን ቃል ወደ ኦሮምኛ የመለሰው አናሲሞስ ነሲብም በልጅነቱ የተሸጠ፥ በምጽዋ ነፃ የወጣ ሰው እንደ ነበረ ማኅበሮቻችን ያውቃሉ። ስለ ጥቁር አሜሪካዊው መገፋት እያዘንን፥ መልኩ ከእኛ የጠቆረውን ወንድም በአሮጌው የባርነት ስም የምንጠራ፥ ሸማኔውን፥ አንጥረኛውንና ሸክላ ሠሪዋን ለጋብቻና ለማዕድ የምንጸየፍ ከሆንን፥ በእኛም ቤት ፉርጎው ተለይቷል ማለት ነው።

ደግሞም ዛሬ ልጆቻችን በብዛት በአሜሪካ ይኖራሉ። በዚያ አገር በቀለም መለየትን የከለከለው ሕግ እ.አ.አ. በ1964፥ በትውልድ አገር ላይ የተመሠረተውን የስደተኞች ኮታ የሻረውም ሕግ በ1965 ወጣ። ይህን ደጅ የከፈቱት እንደ ሮቢንሰን ያሉ፥ መጥረጊያ ይዘው ከክፍል ጥግ የቆሙ ሰዎችና ልጆቻቸው ናቸው። በዚያ ያሉት ወገኖቻችን ጎረቤቶቻቸው የሆኑትን ጥቁር አሜሪካውያን ሲያዩ ይህን ዕዳ እንዳይረሱ እንመክራለን።

እኛም በየአጥቢያችን ከጸሎት ቤታችን ጥግ ቆሞ የሚያዳምጥ፥ ማንም ና ተቀመጥ ያላለው ሰው እንዳለ በመጪው እሑድ ዘወር ብለን እንይ።