ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ

ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ (1857 ዓ.ም. ገደማ – 1945 ዓ.ም.) በዘመናዊ ሕክምና የሠለጠኑ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ሐኪም ሲሆኑ፣ በኋላም ዳኛ፣ አገረ ገዥና ዲፕሎማት ነበሩ። በውጭ አገር ዶክተር ቻርልስ ማርቲን በሚል ስም ይታወቃሉ። በኋላ የአዛዥነት ማዕረግ አግኝተዋል።

የልጅነት ዘመንና ትምህርት

ወርቅነህ በጎንደር ተወለዱ። በ1860 ዓ.ም. የመቅደላ ጦርነት ሲያበቃ ከወላጆቻቸው ተለይተው ስለተገኙ፣ ቻምበርሌን የተባለ የእንግሊዝ መኮንን ወደ ህንድ ወሰዳቸው። በኋላ ማርቲን የተባለ ሌላ መኮንን ለትምህርታቸው ስለረዳቸው የሁለቱ ስም ተጣምሮ መጠሪያቸው ሆነ። በላሆር ሕክምና ተምረው በ1874 ዓ.ም. ተመረቁ። በስኮትላንድም ትምህርታቸውን ቀጥለው፣ በእንግሊዝ መንግሥት ሥር በበርማ ሐኪም ሆነው አገለገሉ።

ወደ አገር መመለስ

ከዓድዋ ድል በኋላ፣ በ1891 ዓ.ም. ወደ ኢትዮጵያ መጡ። አማርኛ ረስተው ስለነበር ቋንቋቸውን እንደ አዲስ መማር ነበረባቸው። በአዲስ አበባ ሕሙማንን ሲያክሙ ዝናቸው ተሰማ፤ አያታቸውም በሰውነታቸው ላይ ባለ ጠባሳ ለይተው እንዳወቋቸው ይነገራል። ወደ በርማ ከተመለሱ በኋላ በ1900 ዓ.ም. ዳግመኛ መጥተው በእንግሊዝ ሌጋሲዮን ሐኪምነት ሠሩ፤ ታመው የነበሩትን ዳግማዊ ምኒልክንም አከሙ። ወይዘሮ ቀጸላ ቱሉን አግብተው ብዙ ልጆች ወለዱ። ከእንግሊዝ መንግሥት አገልግሎት ጡረታ ወጥተው በ1911 ዓ.ም. ጠቅልለው ወደ አገራቸው ገቡ።

የመንግሥት ሥራ

ከዚህ በኋላ ሥራቸው ከሕክምና ይልቅ ወደ መንግሥት አስተዳደር አዘነበለ። በአልጋ ወራሽ ተፈሪ መኮንን ዘመን የውጭ ዜጎችና የኢትዮጵያውያን ክርክር በሚታይበት ልዩ ፍርድ ቤት ዳኛ ሆኑ። በ1917 ዓ.ም. የተከፈተውን የተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤትም በኃላፊነት መሩ። ፍቅርና አገልግሎት የተባለ ማኅበር አቋቁመው ከባርነት ነጻ የወጡ ልጆች እንዲማሩ ጥረዋል።

በ1920 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ተልከው፣ በጣና ሐይቅ ላይ ስለሚሠራው ግድብ ጄ. ጂ. ዋይት ከተባለው የኒው ዮርክ ኩባንያ ጋር ተነጋገሩ። ስምምነቱ እንግሊዝን አላስደሰተም። ያሳደጋቸውና ያስተማራቸው የእንግሊዝ ወገን ቢሆንም፣ በዚህ ጉዳይ የቆሙት ለኢትዮጵያ ጥቅም ነበር።

በ1922 ዓ.ም. የጨርጨር ገዥ ሆነው ተሾሙ። ግብርን በደንብ ለመወሰን፣ ሹማምንትን በደመወዝ ለማሠራትና መንገድ ለማስፋት ሞክረዋል። በዚህም ጨርጨር ለሌሎች ግዛቶች አርአያ ተደርጎ ይታይ ነበር።

የለንደን ዘመንና ፍጻሜ

በ1927 ዓ.ም. በለንደን የኢትዮጵያ ሚኒስትር ሆነው ተላኩ። የኢጣልያ ወረራ ሲጀመር የእንግሊዝን ሕዝብና መንግሥት ለመቀስቀስ፣ ገንዘብና የሕክምና ርዳታ ለማሰባሰብ ደከሙ። ኢጣልያኖች ግን የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ከተደረገው የግድያ ሙከራ በኋላ ልጆቻቸውን ዮሴፍንና ቢንያምን ገደሉ። ሐኪም ወርቅነህ ከነጻነት በኋላ ወደ አገራቸው ተመልሰው በ1945 ዓ.ም. አረፉ። ከሁሉም ሹመታቸው ይልቅ ዛሬም ድረስ ከስማቸው ጋር አብሮ የሚጠራው የመጀመሪያ ሙያቸው ነው።