የአራት ዶላሩ ቼክና የወህኒ ቤቱ ዘፈን

«ጄልሃውስ ሮክ» የሚባለውን ዘፈን ከአንድ ቦታ ሰምቶ የማያውቅ የእኔ ዘመን ሰው አለ ብዬ አላምንም። ወደ አማርኛ እንመልሰው ካልን «የወህኒ ቤት ሮክ» እንደማለት ነው። በ1957 ለአንድ ፊልም ተብሎ ተጻፈ፣ ኤልቪስ ፕሪስሊ ዘፈነው፣ ዓለም ጨፈረበት። (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ውሰዱልኝ።) ብዙ ሰው ልብ የማይለው፣ ዘፋኙ ስለ ወህኒ ቤት ከመዝፈኑ ከአሥራ ዘጠኝ ዓመታት በፊት የገዛ አባቱ እስረኛ እንደነበር ነው። የታሰረውም በአንዲት ቼክ ምክንያት ነው። ሕግ የተማረ ሰው የኤልቪስን ታሪክ ሲያነብ ዓይኑ ከጊታሩ ይልቅ ወረቀቱ ላይ ቢያርፍ አይፈረድበትም። የዚህ ሰው ሕይወት ከሕፃንነቱ ጀምሮ፣ ከሞተም በኋላ ጭምር፣ የወረቀትና የፊርማ ታሪክ ነውና።

ኤልቪስ ጃንዋሪ 8 ቀን 1935 በሚሲሲፒ ግዛት፣ ቱፔሎ በምትባል ከተማ ተወለደ። መንትያ ወንድሙ ሞቶ ነው የተወለደው። ቤታቸው አባቱ ቬርኖን በብድር ገንዘብ የሠራት ባለ ሁለት ክፍል የእንጨት ጎጆ ነበረች። አበዳሪው የአካባቢው ባለመሬት ኦርቪል ቢን ነው። ቬርኖን ለዚሁ ሰው አንድ አሳማ ሸጠና የአራት ዶላር ቼክ ተቀበለ። ዋጋው አነሰው። ከሌሎች ሁለት ሰዎች ጋር ሆኖ ቼኩ ላይ ያለውን አኃዝ ቀየረው፤ ወዲያው ተያዘ። በ1938 ሦስት ዓመት ተፈረደበትና በጭካኔው ስሙ ወደገነነው ወደ ፓርችማን እርሻ ወህኒ ቤት ተላከ። ቤቲቱም ከእጃቸው ወጣች። እናቲቱ ግላዲስ የሦስት ዓመት ልጇን ይዛ ባሏን ትጠይቅ ነበር። ቬርኖን ስምንት ወር ገደማ ከታሰረ በኋላ በ1939 መጀመሪያ ላይ በገደብ ተፈታ። ለአራት ዶላር ቼክ ሦስት ዓመት መፍረድ ምን ዓይነት ፍርድ እንደሆነ ለአንባቢ ትቼዋለሁ። ብቻ ቤተሰቡ ልጁ ዝናው ከናኘ በኋላ እንኳ ይህን ጉዳይ በአደባባይ አላነሳውም።

ቀጥሎ ያለው የታወቀ ስለሆነ በፍጥነት እንለፈው። ቤተሰቡ በ1948 ወደ ሜምፊስ ተዛወረ። ኤልቪስ የጭነት መኪና እየነዳ እንጀራውን ሲያበስል በ1954 በሳም ፊሊፕስ አነስተኛ ስቱዲዮ ውስጥ የጥቁሮቹን ብሉዝ ከነጮቹ የገጠር ዘፈን ጋር አዋህዶ ተቀዳ። በ1955 መጨረሻ አርሲኤ ኩባንያ የልጁን ውል ከፊሊፕስ በ35 ሺህ ዶላር ገዛ። ይህን ግዢ ያመቻቸው ሥራ አስኪያጁ «ኮሎኔል» ቶም ፓርከር ነው። ኮሎኔልነቱ ከጦር ሜዳ የመጣ እንዳይመስላችሁ፤ የሉዊዚያና አገረ ገዢ የሰጡት የክብር ማዕረግ ነው።

ፓርከር የዘፈን ንግድ ትርፉ ከሸክላው ይልቅ ከድርሰቱ ባለቤትነት እንደሚገኝ ገብቶታል። ስለዚህም ሂል ኤንድ ሬንጅ ከተባለው የሙዚቃ አሳታሚ ጋር ሆኖ በኤልቪስ ስም አሳታሚ ኩባንያ ተቋቋመ። ደራሲዎች ዘፈናቸውን ኤልቪስ እንዲዘፍነው ከፈለጉ ከሮያሊቲያቸው ላይ ቆርሰው መስጠት ነበረባቸው። አሠራሩ የት ድረስ እንደሄደ ለማየት የመጀመሪያ ፊልሙን፣ የ1956ቱን «ላቭ ሚ ቴንደር» መመልከት ይበቃል። የመሪ ዘፈኑ ዜማ በ1861 የወጣ የቆየ ዜማ ነው። አዲሱን ግጥም የጻፈው የፊልሙ የሙዚቃ ኃላፊ ኬን ዳርቢ ነው። በወረቀት ላይ በደራሲነት የተመዘገቡት ግን የዳርቢ ሚስትና ኤልቪስ ናቸው። ኤልቪስ አንድም ስንኝ አልጻፈም። እኔ በበኩሌ የኤልቪስ ወዳጅ ብሆንም ይህን በጎ ነገር ብዬ ልከራከርለት አልችልም፤ በኋላ በራሱ ላይ የደረሰው አስቀድሞ በስሙ በሌሎች ላይ ደርሶ ነበር።

ወደ ወህኒ ቤቱ ዘፈን እንመለስ። ጄሪ ሊበርና ማይክ ስቶለር ሁለቱም በ1933 የተወለዱ፣ የጥቁሮችን ብሉዝ እየሰሙ ያደጉ አይሁድ ወጣቶች ናቸው። ኤልቪስ በ1956 ያገነነውን «ሃውንድ ዶግ» መጀመሪያ የጻፉት ለጥቁሯ አቀንቃኝ ለቢግ ማማ ቶርንተን ነበር። በ1957 የጸደይ ወራት ኒው ዮርክ ሄደው ሆቴል ያዙ። የአዲሱ ፊልም ጽሑፍ ተሰጥቷቸዋል፤ ዘፈን ይጠበቅባቸዋል። እነሱ ግን ቀኑን ከተማ ሲዞሩ፣ ሌሊቱን ጃዝ ሲሰሙ ያሳልፋሉ። በመጨረሻ የሂል ኤንድ ሬንጁ ዣን አበርባክ ሆቴላቸው ድረስ መጣ። ዘፈኖቹ አለመጻፋቸውን ሲረዳ ሶፋውን ገፍቶ በሩ ላይ ደገነና እዚያው ላይ ተጋድሞ እንቅልፉን ለጠጠ። መውጫ የለም። ልጆቹ በጥቂት ሰዓታት ውስጥ አራት ዘፈን ጽፈው ተለቀቁ፤ ከአራቱ አንዱ «ጄልሃውስ ሮክ» ነው። የእስረኞች ዘፈን በእስረኞች ተጻፈ ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ግጥሙ ቀልድ ነው። የወህኒ ቤቱ አዛዥ ድግስ ደግሶ፣ የእስረኞቹ ባንድ እየተጫወተ፣ እስረኛው ሁሉ ይጨፍራል። ለማምለጥ የተመቸ ሰዓት ቢሆንም ጭፈራውን ትቶ መሄድ የማይፈልግ እስረኛም አለ። ኤፕሪል 30 ቀን 1957 ሆሊውድ በሚገኘው ሬዲዮ ሬኮርደርስ ስቱዲዮ ሲቀዳ ግን ኤልቪስ እንደ ቀልድ አልዘፈነውም። ጉሮሮውን እየሰነጠቀ፣ እንደ እውነተኛ ጩኸት ነው ያወጣው። ስኮቲ ሙር በጊታሩ ሁለት ኮርድ እየመታ ይከፍታል፤ ከበሮ መቺው ዲ ጄ ፎንታና ደግሞ ድንጋይ የሚፈልጡ እስረኞችን እያሰበ ይመታለታል። ቬርኖን በፓርችማን እርሻ ምን ሲሠራ እንደዋለ ለሚያውቅ ሰው ይህ መግቢያ ቀልድ ሆኖ አይሰማውም።

በፊልሙ ቀረጻ ላይ ሊበር የፒያኖ ተጫዋች ሆኖ እንዲታይ ተመርጦ ነበር፤ የጥርስ ሐኪም ቀጠሮ ስለነበረው ስቶለር ተተካለት። የጥርስ ነገር በዚህ አላበቃም። ኤልቪስ ዝነኛውን የወህኒ ቤት ጭፈራ ሲጨፍር የጥርሱ ሽፋን ተነቅሎ ወደ ሳንባው ገባና በሐኪም ወጣ። ጭፈራውን ያዘጋጀው አሌክስ ሮሜሮ መጀመሪያ የራሱን እንቅስቃሴ ሊያስተምረው ሞክሮ ነበር። አልሆን ሲለው ኤልቪስ እንደ ልማዱ እንዲወዛወዝ አደረገና ጭፈራውን በዚያ ላይ ገነባው። አብራው የተወነችው ጁዲ ታይለር ቀረጻው ባለቀ በቀናት ውስጥ በመኪና አደጋ ሞተች። ኤልቪስ ከዚያ በኋላ ፊልሙን ማየት እንዳልቻለ ይነገራል።

እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ የፊልሙ ታሪክ ነው። ቪንስ ኤቨረት የተባለ ወጣት ቡና ቤት ውስጥ በተነሳ ጠብ ሰው ገድሎ ይታሰራል። አብሮት የታሰረው የቀድሞ ዘፋኝ ጊታር ያስተምረውና ገቢያቸውን እኩል የሚያካፍል ውል ያስፈርመዋል። ቪንስ ተፈትቶ የመጀመሪያ ዘፈኑን ሲቀዳ አንድ ኩባንያ አዘፋፈኑን ሰርቆ ለሌላ ዘፋኝ ይሰጥበታል። ሲመረው ከወዳጁ ጋር የራሱን የሸክላ ኩባንያ ያቋቁማል። እስረኛው ጓደኛውም ተፈትቶ ግማሹን ሲጠይቅ ወህኒ ቤት የተፈረመው ውል ዋጋ እንደሌለው ይነገረዋል፤ ቪንስ ስለ ውለታው አሥር በመቶ ይሰጠዋል። ኤልቪስ ይህን ሁሉ ካሜራ ፊት በ22 ዓመቱ ተውኖታል። በገሃዱ ዓለም ግን ያኛውን ግማሽ በግማሽ ውል ፈረመ።

ዘፈኑ በሴፕቴምበር 1957 ወጥቶ አሜሪካ ውስጥ ለሰባት ሳምንታት አንደኛ ሆነ። በጃንዋሪ 1958 በብሪታንያ ሰንጠረዥ ገና በገባበት ሳምንት አንደኝነትን የያዘ የመጀመሪያው ሸክላ ሆነ። በ2005 የኤልቪስ ሰባኛ ዓመት ልደት ሲታሰብ ዳግም ታትሞ እዚያው ብሪታንያ አንደኛ ወጣ። ፊልሙም በ2004 የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በሚያስተዳድረው የፊልም ቅርስ መዝገብ ሰፈረ። የእኛም ሰው ከዚህ ሙዚቃ አላመለጠም። በ2021 በ80 ዓመታቸው ያረፉት ድምፃዊ ዓለማየሁ እሸቴ በወጣትነታቸው የኤልቪስን ዘፈኖች እየዘፈኑ ነው የጀመሩት። ከፖሊስ ኦርኬስትራ መድረክ ተነስተው የራሳቸውን የአማርኛ ዜማ ካስደመጡም በኋላ «የኢትዮጵያው ኤልቪስ» የሚለው ቅጽል እስከ መጨረሻው አልተለያቸውም።

ኤልቪስ በማርች 1958 ለውትድርና ተመለመለ፤ በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ እናቱን ቀበረ። ከጀርመን ሲመለስ ፓርከር ፊልም በፊልም ላይ አስደረደረው። በጠቅላላው 31 ፊልሞች ተወነ፤ አብዛኞቹ ባይሠሩ ኖሮ ማንም አይጎዳም ነበር። ሊበርና ስቶለርስ የት ሄዱ? አንድ ጊዜ ሊበር በሳንባ ምች ታሞ ሆስፒታል ሳለ ከፓርከር ዘንድ የሚፈረም ወረቀት ደረሰው። ወረቀቱ የፊርማ ቦታ ብቻ ያለው ባዶ ገጽ ነው! ደውሎ ሲጠይቅ የቀረው በኋላ እንደሚሞላ ተነገረው። ሊበርና ስቶለር አልፈረሙም፤ ከኤልቪስ ጋር የነበራቸው የቅርብ ሥራም በዚሁ አበቃ። ኤልቪስ ግን ፈራሚ ነበር።

በ1967 የፓርከር ድርሻ ከ25 በመቶ ወደ 50 በመቶ የሚያድግበት ውል ተፈረመ። በ1973 ደግሞ አርሲኤ እስከዚያ ዓመት ድረስ የተቀዱትን የኤልቪስ ዘፈኖች የወደፊት ሮያሊቲ በ5.4 ሚሊዮን ዶላር ጠቅልሎ ገዛ። ግማሹን ፓርከር ወሰደ። ከቀሪው ላይ ግብሩ ሲነሳ ኤልቪስ እጅ የገባው የሕይወት ዘመን ሥራው ዋጋ ነው ለማለት የሚያሳፍር ነው። «ጄልሃውስ ሮክ»ም አብሮ ተሸጠ። አባት የሰው ቼክ ላይ አኃዝ ቢቀይር ታሰረ፤ ልጁ ሚሊዮኖቹን በራሱ ፊርማ ሲያጣ ግን ሁሉም ነገር በሕግ አግባብ የተፈጸመ ነበር።

ኤልቪስ ኦገስት 16 ቀን 1977 በ42 ዓመቱ ሜምፊስ በሚገኘው ግሬስላንድ ቤቱ ውስጥ ሞተ። አባቱም በ1979 ተከተለው። ወራሿ ሊሳ ማሪ ሕፃን ስለነበረች የሜምፊስ የውርስ ጉዳይ ዳኛ በ1980 ብላንቻርድ ቱዋል የተባለ ጠበቃ መብቷን የሚያስጠብቅ ሞግዚት አድርገው ሾሙላት። ጠበቃው መዝገቡን ገልብጦ የ50 በመቶው ድርሻ ከመጠን ያለፈ መሆኑን፣ የ1973ቱ ሽያጭም ዘፋኙን የጎዳ መሆኑን ለፍርድ ቤቱ አሳወቀ። ክስ ተመሠረተ። ፓርከር ያቀረበው መከላከያ ሕግ ትምህርት ቤት ሊነገር የሚገባው ነው። እሱ ለካ ሆላንድ ውስጥ ብሬዳ ከተማ የተወለደ፣ የአሜሪካ ዜግነት ያልወሰደ ሰው ኖሯል፤ አገር የለኝምና በፌዴራል ፍርድ ቤት ልከሰስ አልችልም አለ። ነገሩ በ1983 በስምምነት አለቀ። ኤልቪስ ከካናዳ በቀር ከአገሩ ወጥቶ ያልዘፈነበት ምክንያት ይኸው የሥራ አስኪያጁ የወረቀት ጣጣ ነው ብለው የሚያምኑ ብዙ ናቸው፤ እኔም አንዱ ነኝ።

የሟች ስምና ምስል ይወረሳል ወይስ አብሮ ይሞታል የሚለው ክርክርም በእሱ ጉዳይ ነው የጋለው። በ1980 አንድ የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት ይሞታል ብሎ ወሰነ። የቴነሲ ምክር ቤት በ1984 ይወረሳል የሚል ሕግ አወጣ። ይኸው ግዛት በ2024 የሰው ድምፅ በአርቴፊሻል ኢንተለጀንስ ተመስሎ እንዳይሰረቅ የሚከለክል ሕግ ሲያጸድቅ የሕጉ ምህጻር ቃል «ኤልቪስ» እንዲሆን አድርጎታል።

በዚያው 2024 አንድ ድርጅት ነኝ ባይ ብቅ አለና፣ በ2023 የሞተችው ሊሳ ማሪ ግሬስላንድን አስይዛ 3.8 ሚሊዮን ዶላር ተበድራለች በሚል ቤቱን ለሐራጅ አስነገረ። የልጅ ልጇ ሳትሆን ልጇ ነበረች ፍርድ ቤት የቆመችው። ዳኛው በግንቦት ወር ሽያጩን አገዱ። ውሉም የሰነድ አረጋጋጯ ፊርማም ሐሰተኛ ሆነው ተገኙ፤ ሰነዱን የፈበረከችው ሴት በ2025 ጥፋቷን አመነች። በዚያ ቤት ግቢ ውስጥ ካሉት መቃብሮች አንዱ የቬርኖን ነው።