ዋና ከተማው ቀረ፣ መንገዱ ቆየ

የመኪና ፍጥነት ሲነሣ ልባችሁ የሚሄደው ውጭ አገር ወዳለ የእሽቅድድም ሜዳ ነው አይደል? እኔ ግን የምዕራብ ሸዋ ልጅ ነኝና ሞተርና አፈር መንገድ ሲባል ትዝ የሚለኝ አዲስ ዓለም ነው፤ ከአዲስ ዓለም ጋር ደግሞ ዳግማዊ ምኒልክ።

ምኒልክ በ1836 ዓ.ም. አንጎለላ ተወለዱ። በልጅነታቸው አፄ ቴዎድሮስ መቅደላ ወስደው አቆዩዋቸው፤ በ1857 አምልጠው ሸዋ ገቡ። በ1882 ንጉሠ ነገሥት ሆኑ፣ በ1888 ዐድዋ ላይ ድል አደረጉ። ይሄን ታውቁታላችሁ። ብዙ ሰው የሚዘለው ቀጥሎ ያለውን ነው።

ከድሉ በኋላ አዲስ አበባ ማገዶ አለቀባት። ዙሪያዋ ያለው ጫካ ተመንጥሮ ነበር። ምኒልክም ዋና ከተማቸውን ወደ ምዕራብ፣ 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ሊያዛውሩ አሰቡ፤ ቦታውንም አዲስ ዓለም አሉት። ቤተ መንግሥት ተጀመረ። የጣሊያን መሐንዲሶች ከአዲስ አበባ እስከዚያ መንገድ አወጡ፤ በአገራችን ከመጀመሪያዎቹ ዘመናዊ መንገዶች አንዱ ይሄ ነው። ሰርኪስ ተርዚያን የሚባል አርመን ደግሞ በእንፋሎት የሚሠራ የመንገድ መዳመጫ አመጣላቸው። ሕዝቡ የሰርኪስ ባቡር አለው።

ታዲያ ምን ሆነ? ባሕር ዛፍ ተተከለና ቶሎ በቀለ፣ የማገዶው ችግር ቀለለ፣ ዋና ከተማው እዚያው ቀረ። የአዲስ ዓለሙ ቤተ መንግሥት የማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ። መንገዱ ግን ቆየ። በ1900 ቤንትሊ የተባለ እንግሊዛዊ ከጅቡቲ ተነሥቶ በረሃና ገደል አቋርጦ መኪና አዲስ አበባ ሲያስገባ፣ የአዲስ ዓለም መንገድ ቀድሞ ተሠርቶ ነበር። ምኒልክ መኪናዋ ላይ ወጥተው ሞከሯት። ብዙም ሳይቆዩ ግን በጽኑ ታመሙ፣ ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 አረፉ።

ስማቸው ሲነሣ ፌስቡክ ላይ ወዲያው ሁለት ጎራ እንደሚፈጠር አውቃለሁ። እኛ አካባቢም አንዱ ይኮራል፣ ሌላው ያመዋል። ክርክሩን እዚህ አልጨርሰውም። የምለው አንድ ነገር ነው፦ መሬቱን ቆፍሮ፣ ድንጋይ ተሸክሞ ያንን መንገድ የሠራው ሰው ስም የትም አይነሣም። ዛሬ በሆለታና በአዲስ ዓለም አድርገን ጊንጪን አልፈን አምቦ የምንገባው በዚያው አቅጣጫ ነው። በሚቀጥለው ጉዟችሁ አዲስ ዓለም ስትደርሱ ከስልካችሁ ቀና በሉና ኮረብታው ላይ ያለችውን ማርያምን እዩ፤ ከተማዋ ዋና ከተማ ልትሆን ትንሽ ነበር የቀራት።