ትእዛዛቸው ከምሽግ በር የተመለሰባቸው ዳኛ

በዛሬው እሑድ ታሪካቸውን በአጭሩ የምናወሳላቸው ሰው፣ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አምስተኛው ዋና ዳኛ የነበሩት ሮጀር ቶኒ ናቸው። በ1777 ዓ. ም. (ዘመኑን ሁሉ የምንጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው) በሜሪላንድ ተወልደው በጥብቅና ሥራ ስማቸው ከታወቀ በኋላ፣ የፕሬዚዳንት ጃክሰን ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ሆኑ፤ በ1836 ዓ. ም. በዋና ዳኛነት ወንበር ተቀመጡ።

ስለ እኒህ ሰው መልካሙን ብቻ ልንጽፍ አንችልም። ድሬድ ስኮት የተባለ በባርነት የተያዘ ጥቁር ሰው ነፃነቱን ሽቶ በከሰሰ ጊዜ፣ በ1857 ዓ. ም. የጥቁር ዘር የአሜሪካ ዜጋ ሊሆን አይችልም የሚለውን ፍርድ የጻፉት እርሳቸው ናቸው። ይህ ስማቸውን አጕድፎታል፤ ሊጐድፍም ይገባዋል እንላለን።

ከዚህ በኋላ አራት ዓመት ቈይቶ የእርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። ወደ ዋሽንግተን የሚወስደው መንገድ በሜሪላንድ በኩል ስለ ሆነና ዐመፀኞች የባቡር ድልድይ ስላፈረሱ፣ ፕሬዚዳንት ሊንከን የጦር አዛዦች ተጠርጣሪን ወደ ዳኛ ሳያቀርቡ እንዲያስሩ ፈቀዱ። በሜይ 25 ቀን 1861 ዓ. ም. ሌሊት ወታደሮች ጆን ሜሪማን የተባለውን ሰው ከቤቱ ወስደው በባልቲሞር አጠገብ በሚገኘው በማክሄንሪ ምሽግ አሰሩት። ጠበቆቹ አቤት ቢሉ፣ የ84 ዓመቱ ሽማግሌ ዳኛ ጄኔራል ካድዋላደር እስረኛውን አቅርበው ስለ ምን እንዳሰሩት እንዲያስረዱ አዘዙ። ጄኔራሉ በቀጠሮው ቀን እስረኛውን አላመጡም። አንድ መኰንን ብቻ ደብዳቤ አስይዘው በመላክ፣ ፕሬዚዳንቱ ሥልጣን ሰጥተውኛልና ቀኑ ይራዘምልኝ አሉ።

ቶኒ ይህን እንደ ፍርድ ቤት መድፈር ቈጥረው፣ ጄኔራሉ ተይዘው እንዲቀርቡ አዘዙ። በማግሥቱ የፍርድ ቤቱ ትእዛዝ አስፈጻሚ ወደ ምሽጉ ሄዶ ስሙን የያዘውን ካርድ ወደ ውስጥ ላከ፤ መልስ የለም ተብሎ ከበሩ ተመለሰ። ሕጉ ሰው አሰባስቦ በኀይል እንዲገባ ይፈቅድለት ነበር። ነገር ግን በምሽጉ ያለው ጦር እንደሚበረታበት የታወቀ ስለ ሆነ፣ ዳኛው ከዚህ ግዴታ ነፃ አወጡት። የቀራቸው ብዕራቸው ነበር፤ ይህን መብት ለማገድ የሚችለው ምክር ቤቱ እንጂ ፕሬዚዳንቱ እንዳልሆነ በሰፊው ጽፈው፣ ግልባጩ ለራሳቸው ለሊንከን እንዲላክ አዘዙ።

እዚህ ላይ ወጣት ሹማምንት አንድ ነገር እንዲያስተውሉልን እንወዳለን፤ ክርክሩ ሜሪማን ጥፋተኛ ነው አይደለም የሚል አልነበረም፤ ጥፋተኛነቱን የሚወስነው ማን ነው የሚል ነበር።

ሊንከን ለዳኛው በቀጥታ አልመለሱም፤ በጁላይ 4 ቀን ለምክር ቤቱ በጻፉት መልእክት ግን፣ አንዱን ሕግ ላለመተላለፍ ሲባል ሌላው ሕግ ሁሉ ይፍረስን ብለው ተከራከሩ። ጄኔራሉ አልተቀጡም። ሜሪማን በኋላ ለሲቪል ፍርድ ቤት ተላልፎ በአገር ክህደት ቢከሰስም፣ በዋስ ወጥቶ ሳይፈረድበት ቀረ። ምክር ቤቱም በማርች 1863 ዓ. ም. ሥልጣኑን ለፕሬዚዳንቱ በሕግ ሰጠ።

ቶኒ ጦርነቱ ሳያልቅ፣ ከወንበራቸውም ሳይወርዱ በኦክቶበር 12 ቀን 1864 ዓ. ም. ዐረፉ። በዚያው ዕለት የትውልድ አገራቸው የሜሪላንድ ሰዎች ባርነትን ለሚሽረው አዲስ ሕገ መንግሥት ድምፅ ይሰጡ ነበር።