አክሊሉ ለማ፣ እንዶድና አግላይኮን
ኢትዮጵያዊው ሳይንቲስት ዶ/ር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 አድዋ ውስጥ ቢልሃርዝያ አስተላላፊ ቀንድ አውጣዎችን ሲያጠኑ፣ ልብስ በእንዶድ ከሚታጠብበት ቦታ በታች ብዙዎቹ ሞተው አገኙ። ገዳዩ ሳፖኒን የተባለ ንጥረ ነገር ነው። ሞለኪዩሉ ስኳር ያለውና ስኳር አልባ ክፍል አለው፤ ስኳር አልባው አግላይኮን ይባላል። የእንዶዱ ዋና አግላይኮን ኦሊያኖሊክ አሲድ ነው። ስኳሩ ከተነጠለ ግን አግላይኮኑ ብቻውን ቀንድ አውጣ አይገድልም። ከሳፖኒኖቹ አንዱ በስማቸው ለማቶክሲን ተባለ። በ1989 ከዶ/ር ለገሠ ወልደዮሐንስ ጋር የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማትን አገኙ፤ በ1997 አረፉ።
ልብ ይበሉ፦ እንዶድ ቀንድ አውጣን ይገድላል እንጂ ሕመምተኛን አያድንም፤ መጠጣቱም አደገኛ ነው። ቢልሃርዝያ የሚታከመው ፕራዚኳንቴል በተባለው መድኃኒት ነው፤ ሽንትዎ ወይም ሰገራዎ ደም ካለበት ወደ ጤና ተቋም ይሂዱ።